በሌሉበት ተፈርዶብዎታል? ፍርዱን ለማስነሳት ችግርና መፍትሄ

ምልክቱ ብዙ ጊዜ እንዲህ ነው፦ ስለ ክሱ ሰምተው አያውቁም፤ መጀመሪያ እጅዎ የገባው ወረቀት የአፈጻጸም መጥሪያ (የተሰጠው ፍርድ እንዲፈጸም የሚጠራዎት ወረቀት) ነው። ወይም ባንክ ሄደው «ሂሳብዎ በፍርድ ቤት ታግዷል» ተባሉ።

ያቺን ቀን ይያዟት። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 78 ፍርዱ እንዲነሳ ለማመልከት አንድ ወር ይሰጣል፤ የሚቆጠረውም ፍርዱ ከተሰጠበት ሳይሆን እርስዎ ካወቁበት ቀን ነው። ፍርዱ ከተሰጠ ሁለት ዓመት ቢያልፈውም ያወቁት ትናንት ከሆነ ጊዜ አለዎት። ስለዚህ የባንኩን ደብዳቤም ሆነ የአፈጻጸሙን መጥሪያ ቀኑ እንደሚታይ አድርገው ያስቀምጡ።

ከዚያ መዝገቡን ያስወጡና መንስኤውን ይለዩ።

መንስኤ፦ መጥሪያው በአግባቡ አልደረሰም። ወሳኙ ማስረጃ መዝገቡ ውስጥ ነው። የመጥሪያውን መመለሻ (መጥሪያው መድረሱን የሚያሳየውን ተፈርሞ የተመለሰ ወረቀት) ይመልከቱ፦ ማን ፈረመ? በየትኛው አድራሻ? በየትኛው ቀን? ከለቀቁ በኋላ በድሮ ቤትዎ የማያውቁት ሰው ፈርሞ ከሆነ፣ የአዲሱን ቤት የኪራይ ውል ያቅርቡ። በጋዜጣ ተጠርተው ከሆነ፣ ከሳሽ አድራሻዎን ያውቅ እንደነበር የሚያሳይ ደብዳቤ ወይም ውል ይፈልጉ። ቁጥር 70 መጥሪያው በሚገባ መድረሱ ሳይረጋገጥ ነገሩ በሌሉበት እንዲሰማ አይፈቅድም።

መንስኤ፦ መጥሪያው ደርሷል፣ ግን እክል ገጠመዎት። በቂ ምክንያት ያስፈልጋል። የሐኪም ማስረጃው የቀጠሮውን ቀን ራሱን መሸፈን አለበት፤ ከቀጠሮው በኋላ ባለው ሳምንት መታመምዎን ብቻ የሚያሳይ ወረቀት አይረዳዎትም። «ሥራ በዝቶብኝ» ብለው ባይሄዱ ይሻላል።

መፍትሄው ፍርዱን ለሰጠው ፍርድ ቤት በቃለ መሐላ የተደገፈ አቤቱታ ማቅረብ ነው። ብዙ ሰው እዚህ ላይ ይስታል፦ አራት ገጽ ሙሉ «ዕዳ የለብኝም» እያለ ይከራከራል። ዳኛው በዚህ ደረጃ የሚጠይቀው ለምን እንዳልቀረቡ ነው። የዕዳውን ክርክር ፍርዱ ከተነሳ በኋላ ያደርሱታል።

አቤቱታው ብቻውን አፈጻጸሙን አያስቆምም። «ውሳኔ እስኪሰጥ አፈጻጸሙ ታግዶ ይቆይልኝ» ብለው በግልጽ ይጠይቁ፤ ይህን መስመር የዘነጋ ሰው አቤቱታው ሳይሰማ ንብረቱ ለሐራጅ ሊቀርብበት ይችላል። ለተቃራኒ ወገንም ማስታወቂያ ይደርሰዋል። ፍርድ ቤቱ ፍርዱን ሲያነሳ ኪሳራ (የተቃራኒ ወገንን የክርክር ወጪ) እንዲከፍሉ ወይም ገንዘብ እንዲያስይዙ ሊያዝ ስለሚችል ይዘጋጁበት።

ጉዳይዎ ትንሽ ከተለየ፦ አንድ ቀጠሮ አመለጠዎት እንጂ ፍርድ ገና ከሆነ፣ በሚቀጥለው ቀጠሮ ቀርበው ምክንያትዎን ያስረዱ (ቁጥር 72)። ከሳሽ ሆነው ባለመቅረብዎ ክሱ ከተሰረዘ፣ በቁጥር 74 አንድ ወሩ የሚቆጠረው ከተሰረዘበት ቀን ነው። ከናካቴው ተከራካሪ ሳይሆኑ ፍርዱ መብትዎን ከነካ ደግሞ መንገድዎ የቁጥር 358 መቃወሚያ ነው፤ እሱም ፍርዱ ከመፈጸሙ በፊት መቅረብ አለበት።