የስሜታና ኳርቴትን ታሪክ በአንድ ሙዚቃ እንዴት መከታተል ይቻላል?

የቼኮቹ ስሜታና ኳርቴት 44 ዓመት ተጫውቷል። ታሪኩን ለማወቅ መጽሐፍ ፍለጋ አትልፉ። አንድ ሙዚቃና ደህና ማዳመጫ ይበቃል፤ እኔም ደብረ ማርቆስ ቤቴ ቁጭ ብዬ ያወቅኋቸው እንደዚሁ ነው።

ኳርቴት ሁለት ቫዮሊን፣ ከቫዮሊን ትንሽ ተለቅ ያለ አንድ ቪዮላና ድምፁ ወፈር ያለ አንድ ቼሎ ነው። ደጋናቸው እንደ ማሲንቋችን የፈረስ ጭራ ስለሆነ ድምፁ ለጎጃም ጆሮ ብዙም እንግዳ አይሆንም።

መጀመሪያ የሌሊት ጥቅል ግዙና ቤድርዢህ ስሜታና እ.ኤ.አ. በ1876 የጻፈውን «ከሕይወቴ» ይኸው ቡድን ሲጫወተው ፈልጉ። ቡድኑ ስሙን የወሰደው ከዚህ ሰው ነው። ሙዚቃውን ሲጽፍ መስማት ካቆመ ሁለት ዓመት ሆኖት ነበር። የተቀዳበትን ዓመትም አትርሱ፣ ይጠቅማችኋል።

አሁን ክፈቱት። አራቱም አንዴ በኃይል ይመታሉ፣ ወዲያው ቪዮላዋ ዜማውን ታነሳለች። በዚህ ቡድን ብዙ ሰው የተፈራረቀበት ወንበር የቪዮላው ነው። በ1945 ሲጀምሩ የያዘው ቫስላቭ ኖይማን ነበር። በ1947 ኦርኬስትራ ልምራ ብሎ ወጣና ኋላ የቼክ ፊልሃርሞኒክ ኦርኬስትራ ዋና መሪ ሆነ። አንደኛ ቫዮሊን የነበረው ሪበንስኪ ወደ ቪዮላ ዞረ፣ በሱ ቦታ ዪርዢ ኖቫክ ገባ። በ1956 ደግሞ ሪበንስኪን ሚላን ሽካምፓ ተካው፤ ከዚያ በኋላ እስከ 1989 አንድም ሰው አልተነቃነቀም። ስለዚህ የምትሰሙት ከ1956 በኋላ የተቀዳ ከሆነ ቪዮላው ሽካምፓ ነው።

ሁለተኛው ክፍል ፖልካ የሚባል የቼኮች ጭፈራ ነው፣ ዝም ብላችሁ ተደሰቱበት።

ሦስተኛው ላይ ግን ሌላ ሥራ አትሥሩ። ቼሎው ብቻውን ይጀምራል። ስሜታና እዚህ ላይ የሚያስታውሰው በሞት የተለየችውን የመጀመሪያ ሚስቱን ነው። አንድ ማታ መብራት ጠፍቶ በስልኬ ከፍቼው እናቴ ሰምታ «ምን ሆኖ ነው እንዲህ የሚያለቅሰው?» አለችኝ። ቼሎውን የሚጫወተው አንቶኒን ኮሆውት ነው፣ ከ1945 እስከ 1989 ድረስ ያልተነሳ ሰው።

እዚህ ላይ ቆም በሉና ቪዲዮ ካገኛችሁ ፊታቸውን ተመልከቱ። ወረቀት የለም! ረጅሙን ዘመናቸውን በቃላቸው ነው የተጫወቱት። ዋሸራ ወይም ዲማ ጊዮርጊስ የተማረ ሰው ይሄ ምን ማለት እንደሆነ አይጠፋውም፤ በቃል የያዝከው ነገር ዓይንህን ነፃ ስለሚያወጣው ወረቀት ማየትህ ቀርቶ ጓደኛህን ታያለህ፣ አራቱ እንደ አንድ ሰው የሚተነፍሱትም ለዚህ ይመስለኛል።

መጨረሻው ክፍል ጭፈራ ነው። ድንገት ይቆምና አንደኛው ቫዮሊን አንድ ቀጭን ከፍ ያለ ድምፅ ይይዛል፣ አይለቅም። ስሜታና ከመደንቆሩ በፊት ጆሮው ውስጥ ይጮህበት የነበረው ነው። የሚይዘው ኖቫክ ነው።

ከዚያ ወደ ኋላ መልሱና ያችን ቦታ ደግማችሁ ስሙ፣ አሁን ግን ቀጭኑን ተዉት። ከሥሩ የሚንቀጠቀጥ ድምፅ አለ። እዚያ ውስጥ ነው ሁለተኛው ቫዮሊን ሉቦሚር ኮስቴትስኪ ያለው፤ እሱም እንደ ኮሆውት ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ድረስ የተቀመጠ ነው።