ያልኖርነው ሕይወት የሚቀመጥበትን የሕልም ጀጎል እንዴት መሥራት ይቻላል

በ1998 ዓ.ም. ውጭ አገር የመማር ዕድል አግኝቼ፣ እናቴ ስለታመመች ሳልሄድ ቀረሁ። ከዚያ ወዲህ ያልሄድኩበት አገር በሕልሜ ይመላለሳል። እነዚህ ሕልሞች ተበታትነው እንዳይጠፉ በሐሳብ ውስጥ ጥልፍልፍ መንደር ማበጀትን የተማርኩት ከብዙ ስሕተት በኋላ ነው፤ አሠራሩም እንደሚከተለው ነው።

በመጀመሪያ፣ ዓይንዎን ጨፍነው ሊዞሩት የሚችሉትን እውነተኛ ቦታ ይምረጡ። በምናብ ብቻ የተፈጠረ ቤት አይጸናም፤ በማግሥቱ ደረጃው ጠፍቶ ያገኙታል። የጥንት የግሪክና የሮም ተናጋሪዎች ንግግራቸውን ሲያጠኑ ነጥቦቹን በሚያውቁት ሕንፃ ክፍሎች ውስጥ በሐሳብ ያስቀምጡ የነበረውም ለዚሁ ነው። እኔ ያደግሁበትን የሐረርን ጀጎል መርጫለሁ፤ በግንብ ስለታጠረ ዳርቻው ይታወቃል፣ ጠባብ መተላለፊያዎቹም ሕልም እንደሚጠማዘዝ ይጠማዘዛሉ።

ቀጥሎ ለእያንዳንዱ ትልቅ ውሳኔ አንድ በር ይስጡ። ጀጎል ሸዋ በር፣ ቡዳ በር፣ ሰንጋ በር፣ ኤረር በርና ፈላና በር የሚባሉ አምስት ጥንታዊ በሮች አሉት፤ ከአምስት በላይ ውሳኔ መያዝም አልመክርም። የቀረው ትምህርቴ በኤረር በር ይገባል። መታጠፊያዎቹን በድምፅ ምልክት ያድርጉባቸው፤ የልብስ ሰፊዎቹ መንገድ መኪና ግርግር የተባለው በስፌት መኪናዎቹ ድምፅ ነውና፣ ያ ድምፅ ሲሰማኝ የት እንደደረስኩ አውቃለሁ።

ማታ ከመተኛትዎ በፊት የሚገቡበትን በር ለራስዎ ይንገሩ።

አስቸጋሪው ሥራ የንጋቱ ነው። እንቅልፍ በግምት በየ90 ደቂቃው ይዞራል፤ እ.ኤ.አ. በ1953 ዩጂን አሰሪንስኪና ናትናኤል ክላይትማን የገለጹት፣ ዓይን በፍጥነት የሚንቀሳቀስበትና ሕልም የሚበዛበት ክፍልም ሊነጋ ሲል ይረዝማል። ስለዚህ ሌሊቱን እየቆራረጡ መነሣት አያስፈልግም። ሲነቁ ግን አይገላበጡ፤ በተኙበት ጎን እንዳሉ የመጨረሻውን ምስል ብቻ ይያዙና ከእርሱ ወደ ኋላ ይመለሱ። አንድ ንጋት በእጄ የቀረው ከኖራ ግድግዳ ላይ የተሰቀለ፣ አንድ ጠርዙ የተተረተረ የሐረር ስፌት ብቻ ነበር። እርሱን አጥብቄ ስይዝ ከሥሩ መደቡ፣ ከመደቡ ደረጃው፣ ከደረጃው ደግሞ ሻንጣዬን የያዘው አባቴ ተከታትለው መጡ። ከመጀመሪያው ለመጀመር በሞከርኩባቸው ቀናት ሁሉ ግን ምንም አልተረፈኝም።

መጻፊያው እርሳስና ወፍራም ደብተር ይሁን። በጀርባ ተኝተው ሲጽፉ የእስክሪብቶ ቀለም ይቋረጣል። ስልክ ደግሞ በፍጹም አይንኩ፤ ብርሃኑና የተጠራቀመው መልእክት ሕልሙን በቅጽበት ያጠፋዋል።

አሁን ደግሞ አጥብቄ የማስጠነቅቀው ጉዳይ አለ። በአባቴ ተዝካር ላይ፣ ያን የውሳኔ ሌሊት አባቴ «ሂድ ልጄ» ብሎኝ እንደነበር ለቤተሰቡ እንባ እየተናነቀኝ ተናገርኩ። አብራን የነበረችው ታላቅ እህቴ ቀስ ብላ፣ «ወንድሜ፣ አባባ እኮ ያን ሌሊት አንዲት ቃል አልተነፈሰም» አለችኝ። ቤት ሄጄ ደብተሬን ስገልጥ ቃሉን ከሕልም ገጾቼ መካከል አገኘሁት። እ.ኤ.አ. በ1995 ኤልዛቤት ሎፍተስና ዣክሊን ፒክሬል ባሳተሙት ጥናት፣ ከ24 ተሳታፊዎች ሩብ ያህሉ በልጅነታቸው ገበያ አዳራሽ ውስጥ ጠፍተው እንደነበር፣ ፈጽሞ ያልደረሰባቸውን፣ በሙሉ ወይም በከፊል «አስታውሰዋል»። ስለዚህ በግራው ገጽ በእርግጥ የሆነውን፣ በቀኙ የታለመውን ይጻፉ፤ በቀኙ ገጽ ራስ ላይም «ያልሆነ» የሚለውን ቃል በቀይ ያስፍሩ። ለሰው ሲያወሩም «በሕልሜ» የምትለዋን ቃል አይዝለሉ።

በመጨረሻም በገቡበት በር ይውጡና ቀኑንና የበሩን ስም ይመዝግቡ። እኔ ከኤረር በር የተሰበሰቡ 41 ገጾች አሉኝ። የአባቴን ዝምታ ባስቀመጥኩበት በፈላና በር ግን እስካሁን አልገባሁም፤ የግራው ገጽ ተጽፏል፣ ቀኙ ባዶ ነው።