ስቴክ በብለዲ ሜሪ ስጎ፣ ለደሴ ማዕድ

ብለዲ ሜሪ የቲማቲም ጭማቂ፣ ሎሚ፣ ጨው፣ ቁንዶ በርበሬና የሚያቃጥል ቅመም ከቮድካ ጋር ተቀላቅለው የሚጠጡበት ኮክቴል ነው። ከፈጠራው ጋር ብዙ ጊዜ ስሙ የሚነሣው ፈርናንድ ፔቲዮ በፓሪስ ከሠራ በኋላ፣ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1934 በኒው ዮርክ ሴንት ሬጂስ ሆቴል መጠጥ ቀማሚ ሆኗል። ቅመሞቹን ላስተዋለ ሰው ከቮድካው በቀር አብዛኞቹ ከደሴ ጓዳ የማይጠፉ ናቸው። ጣዕሙን የሚሠራውም የጎምዛዛው፣ የጨዋማውና የሚያቃጥለው መመጣጠን ስለሆነ፣ እዚህ የማቀርበው ስጎ ያለ አልኮል ይሠራል።

ቮድካውን የተውኩበት ሌላም ምክንያት አለ። ሙስሊምና ክርስቲያን በአንድ ቤት በሚጋበዙበት ከተማ «ሲፈላ ተንኖ ያልቃል» ብሎ እንግዳን ማሳመን ተገቢ አይደለም፤ አባባሉም ትክክል አይደለም። የአሜሪካ ግብርና መሥሪያ ቤት ባወጣው ሰንጠረዥ መሠረት፣ ከአልኮሉ 15 ደቂቃ በተንተከተከ ምግብ ውስጥ 40 በመቶ ያህሉ፣ ከአንድ ሰዓት በኋላም 25 በመቶ ያህሉ ይቀራል። የሥጋውም ነገር እንዲሁ ጥንቃቄ ይፈልጋል። እንግዶችዎ ከሁለቱም ወገን ከሆኑ ሥጋውን ከሁለቱ ሥጋ ቤት ለየብቻ ገዝተው፣ በየራሱ መጥበሻና ቢላዋ ያዘጋጁ። ስቴክ ሠሪዎች ስጎውን ሥጋው በተጠበሰበት መጥበሻ ላይ የሚሠሩት ከታች የተጣበቀው ቅሪት እንዲያጣፍጠው ነው፤ እኛ ግን በንጹሕ ድስት፣ በዘይት ለብቻው እንሠራዋለን። እንዲህ ሲሆን ስጎው ለሁሉም አንድ ይሆናል።

ለአራት ሰው የሚበቃ ስጎ አምስት የበሰሉ ቲማቲሞች፣ አንድ መካከለኛ ቀይ ሽንኩርት፣ ሁለት ፍሬ ነጭ ሽንኩርት፣ ሁለት የሾርባ ማንኪያ ሳልሳ፣ ግማሽ የሻይ ማንኪያ ሚጥሚጣ፣ አንድ የሻይ ማንኪያ የተፈጨ ሰናፍጭ፣ ቁንዶ በርበሬ፣ ጨውና ሁለት ሎሚ ይፈልጋል። ሽንኩርቱን በደቃቁ ከትፈው በሦስት የሾርባ ማንኪያ ዘይት በዝግታ ያቁላሉ፤ ነጭ ሽንኩርቱን ከጨመሩ በኋላ ሳልሳውን አክለው፣ ቀይነቱ ወደ ጡብ መልክ እስኪጠቁርና ዘይቱ ከዳር እስኪለይ ድረስ ያማስሉት። ይህን ደረጃ አይዝለሉ፤ ከመጥበሻው ቅሪት ያጣነውን ጥልቅ ጣዕም የሚተካው የሳልሳው መጥቆር ነው። በኮክቴሉ የሚገባውን ዉስተርሸር የተባለ የእንግሊዞች ጥቁር ሶስ በሶያ ሶስ መተካት የለመደ ይኖራል፤ ሆኖም በተፈጥሮ መንገድ የተብላላ ሶያ ሶስ ራሱ ጥቂት አልኮል ስላለው እኔ አልጨምረውም።

ቀጥሎ በመፈግፈጊያ የተፈገፈገውን ቲማቲም፣ ሰናፍጩንና ሚጥሚጣውን ጨምረው በለስላሳ እሳት ያንተክትኩት። ደሴ ከባሕር ጠለል በላይ 2,500 ሜትር ገደማ ላይ ስለምትገኝ ውሃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ አካባቢ ነው፤ ቁልቁል ኮምቦልቻ ደግሞ በ94 አካባቢ። የውጭ የምግብ አሠራር 15 ደቂቃ የሚል ከሆነ እዚህ 25 ደቂቃ ይስጡት፤ ማንኪያ ሲጎተትበት የድስቱ መሠረት ለቅጽበት መታየት አለበት። በኮክቴሉ ውስጥ የሚቆመው ሴለሪ የተባለ አትክልት የሚሰጠውን የቅጠል መዓዛ ለማግኘት፣ ለቡና የምናደርገውን ጤና አዳም አንዲት ትንሽ ዘለላ ለሁለት ደቂቃ ነክረው ያውጡ፤ ከዚያ በላይ ከቆየ ይመርራል፤ ነፍሰ ጡር ሴት በማዕዱ ካለች ደግሞ ጭራሽ አይጨምሩት። ሎሚው ከእሳት ከወረደ በኋላ ይጨመቅበታል፤ አብሮ ከፈላ መዓዛው ይጠፋል።

ሥጋውን በሚመለከት ከልማዳችን የሚቃረን ነገር መናገር ግድ ይለኛል። ለቁርጥ የሚመሰገነው ትኩስነት ለስቴክ አይበጅም። ከብቱ ከታረደ በኋላ ጡንቻው ለአንድ ቀን ያህል ይገትራል፤ ከዚያ በኋላ የራሱ ኢንዛይሞች ቀስ በቀስ ያለሰልሱታል። ስለዚህ ፊሌቶ ወይም ሽንጥ ገዝተው፣ ከ4 ዲግሪ በማይበልጥ ፍሪጅ ውስጥ ለሁለት ቀን ያሳድሩት፤ መብራት በተደጋጋሚ ከጠፋ ግን ይህን ትተው በዚያው ዕለት ይጠብሱ። ባለ ሥጋ ቤቱ ለጥብስ በለመደው እጁ ከመክተፉ በፊት «ሁለት ጣት ውፍረት፣ ሙሉውን» ብለው ይንገሩት፤ ሦስት ሴንቲ ሜትር ገደማ መሆኑ ነው። ለአራት ሰው አንድ ኪሎ ይበቃል።

ከመጠበሱ 45 ደቂቃ በፊት ለግማሽ ኪሎ አንድ ያልሞላ የሻይ ማንኪያ ጨው ነስንሰው ይተዉት። ጨው መጀመሪያ ውሃ ያወጣል፤ ጊዜ ሲያገኝ ያው ውሃ ጨዉን ይዞ ተመልሶ ይገባል። ከዚያ በንጹሕ ጨርቅ አጥብቀው ያድርቁት፤ ገጹ ላይ ውሃ እስካለ ድረስ ሥጋው ይቀቀላል እንጂ አይጠቁርም፣ ቡናማው ቅርፊት የሚፈጠረው ከ140 ዲግሪ በላይ ነውና። ወፍራም የብረት መጥበሻ አምስት ደቂቃ ያግሉ፤ በቀጭን መጥበሻ የሚሞክር ሰው ሥጋው ሲያርፍበት ሙቀቱ ወዲያው ስለሚወርድ ያዝናል። ንጥር ቅቤ ከለጋ ቅቤ ይልቅ ይመረጣል፤ ወተቱ ስለወጣለት ቶሎ አያርርም።

በየደቂቃው እያገላበጡ ከስምንት እስከ ዐሥር ደቂቃ ይጥበሱት፤ ሊያልቅ ሁለት ደቂቃ ሲቀረው የጥብስ ቅጠልና የተጨፈለቀ ነጭ ሽንኩርት ጨምረው ቅቤውን በማንኪያ ያፍስሱበት። በጣት እየተጫኑ መገመትን አላምንም፤ የምግብ ቴርሞሜትር ካለ መካከሉ 60 ዲግሪ ሲደርስ ያውጡት፣ በራሱ ግለት ወደ 63 ይወጣል። ለሙሉ የበሬ ሥጋ የሚመከረው 63 ዲግሪና የሦስት ደቂቃ ዕረፍት ነው፤ የኮሶ ትል እጭም በዚህ ሙቀት ይሞታል። 63 ካልሞላ ለአንድ ደቂቃ ወደ እሳቱ ይመልሱት። ቴርሞሜትር ከሌለ ወፍራሙን ቦታ በቢላዋ ከፈት አድርገው ይመልከቱ፤ ቀይ ከሆነ ገና ነው፣ ሮዝ ወደ ቡናማ ሲያደላ በቂ ነው።

የደሴ ብርድ ሳህኑን ስለሚያቀዘቅዝ፣ ሥጋው ለአምስት ደቂቃ ሲያርፍ ሳህኖቹን በፈላ ውሃ አሙቀው ያድርቁ። ሥጋውን ክሩን እያቋረጡ በስሱ ይቁረጡ፤ የጡንቻው ክር ባጠረ ቁጥር ለማኘክ ይቀላል። ስጎውን ሳህኑ ላይ አስቀድመው አፍስሰው ሥጋውን ከላይ ይደርድሩ፣ ከላይ ከፈሰሰበት የደከሙበት ቅርፊት ይረጥባል። የተጠበሰ ድንች ወይም ዳቦ ይስማማዋል። በእንጀራም ይበላል፤ ያን ጊዜ ግን ስጎውን ትንሽ ወፈር ያድርጉት። የተረፈው ስጎ በፍሪጅ ሦስት ቀን ይቆያል፤ በማግሥቱ አሙቀው እንቁላል ቢሰብሩበት ጥሩ ቁርስ ይወጣዋል።