ባለ 750 ቮልት ሽቦ ለምን ይግላል?

ችግሩ የታወቀ ነው። ምጣዱ ከተሰካ ብዙም ሳይቆይ ሽቦው ይግላል፣ የላስቲክ ሽታ ይመጣል። ሽቦው ላይ 450/750 ቮልት ተጽፏል። የቤቱ መብራት ደግሞ 220 ነው። ታዲያ ምን ጎደለው?

ቮልቱማ ተርፎታል። ቁጥሩ የሚናገረው ስለ ሽፋኑ ነው፤ 450 በሽቦውና በመሬት መካከል፣ 750 በሁለት ሽቦዎች መካከል ሽፋኑ የሚችለው ነው። የሚያግለው አምፔር ነው፤ አምፔርን የሚሸከመው ደግሞ የመዳቡ ውፍረት። 3,500 ዋት ምጣድ 16 አምፔር ገደማ ይስባል። ባለ 1.5 ሽቦ (የመዳቡ ውፍረት 1.5 ካሬ ሚሊ ሜትር) የአምፖል ነው፣ ለዚህ አይሆንም።

ደብረ ማርቆስም ሆነ ፍኖተ ሰላም ማድ ቤቱ ብዙ ጊዜ ጓሮ ነው። ከቆጣሪው 40 ሜትር ቢርቅ፣ በባለ 1.5 ሽቦ 15 ቮልት ገደማ መንገድ ላይ ይቀራል። በባለ 4 ግን 6 ቢሆን ነው። ምጣዱ ሳይግል እንጀራው ዓይን አላወጣም ብላችሁ እርሾውን አትውቀሱ። መፍትሄው ለምጣዱ ብቻ ከማከፋፈያው የወጣ ባለ 4 መስመርና ባለ 20 አምፔር ብሬከር ነው። ብሬከሩ ሲወርድ በባለ 32 መቀየር ግን ቤት ማቃጠል ነው።

የሚግለው ስፒናው ብቻ ከሆነ ሽቦውን ተዉት። ብሬከሩን አውርዳችሁ፣ በቴስተር አረጋግጣችሁ፣ የሶኬቱን ብሎን አጥብቁ። ጠቁሮ ከሆነ ቀይሩት።

ክረምት ሲገባ ብሬከሩ የሚወርድ ከሆነ ሽፋኑን ጠርጥሩ። የቤት ውስጥ ሽቦ ባሕር ዛፍ ላይ ተወጥሮ ፀሐይ ሲመታው ይሰነጠቃል፣ ዝናብ ይገባዋል። በናስትሮ መጠቅለል ለሳምንት ነው። ለውጭ የተሠራ፣ ጥቁር ሽፋን ያለው 0.6/1 ኪሎ ቮልት ኬብል ዘርጉ።

ለወፍጮ 300/500 ይበቃል ወይ? በቮልቱ ይበቃል፤ የወፍጮው ባለ ሦስት ፌዝ መስመር 380 ቮልት ነው፣ ከ500 በታች። ውፍረቱን ግን በሞተሩ አምፔር ምረጡ።

ቮልቱ በእውነት የሚያሳስበው በሶላር የውሃ ፓምፕ ላይ ነው። ፓኔሎች በተከታታይ ሲያያዙ ቮልታቸው ይደመራል፤ 40 ቮልት የሚሰጡ 20 ፓኔሎች 800 ይሆናሉ። ብርድ ደግሞ ይጨምረዋል፤ የጮቄ ተራራን ጧት አስቡት። ፓኔሉ ጀርባ ላይ ያለውን ጭነት የሌለበት ቮልት (Voc የሚለውን) በፓኔሎቹ ብዛት አባዙና፣ ለብርዱም ትርፍ ይዛችሁ ከዚያ በላይ የሚችል የሶላር ኬብል ግዙ።