የመብራት ፖሉ ማሳዎ ላይ ቆሟል፤ ምን መጠየቅ ይችላሉ?

በቅድሚያ አንድ ነገር እናጥራ። በሕጋችን መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፤ ገበሬው ባለይዞታ ነው። የዘራው ሰብል፣ የተከለው ዛፍና የሠራው ቤት ግን የራሱ ነው፤ ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 40 ይህን ያረጋግጣል። ፖሉና ትራንስፎርመሩ ደግሞ የማንም ማሳ ላይ ይቁሙ፣ የኤሌክትሪክ ተቋሙ ንብረት ናቸው። ስለዚህ «ከመሬቴ ላይ ይነቀልልኝ» ብሎ የሄደ ብዙ ጊዜ ባዶ እጁን ይመለሳል፤ «ለጠፋው ንብረቴ ካሳ ይከፈለኝ» ያለው ግን የሚይዘው ነገር አለው።

ችግር፦ ሳይነገርዎት ፖል ተተከለ

መጀመሪያ የማን መስመር እንደሆነ ይለዩ። በብረት ማማ የሚያልፈው 132 ወይም 230 ኪሎ ቮልት የኢትዮጵያ ኤሌክትሪክ ኃይል ነው። በእንጨት ወይም በኮንክሪት ፖል የሚሄደው 15 እና 33 ኪሎ ቮልት፣ ወደ ቤት የሚገባውም ጭምር፣ የኢትዮጵያ ኤሌክትሪክ አገልግሎት ነው። ሁለቱ ከ2006 ዓ.ም. ጀምሮ የተለያዩ ተቋማት ናቸው፤ የአንዱን ማመልከቻ ለሌላው ማስገባት ወራት ይበላል።

ለማማ መሬት ሲወሰድ በመሬት ማስለቀቂያና ካሳ አዋጅ ቁጥር 1161/2011 መሠረት አስቀድሞ በጽሑፍ ማሳወቅና ካሳ መክፈል ግድ ነው። በትንሹ መስመር ላይ ግን የተለመደው ሌላ ነው፤ መንደሩ መብራት ስለናፈቀ «ሕዝቡ ተስማምቷል» ተብሎ ያለ ወረቀት ይቆፈራል። የይዞታ ደብተርዎን ይዘው ወረዳው መሬት ጽሕፈት ቤት ይሂዱና በምን ደብዳቤ እንደተተከለ ይጠይቁ። የማስለቀቂያ ትእዛዝ ከደረሰዎት 30 ቀን ውስጥ ለአቤቱታ ሰሚው አካል ያመልክቱ። ውሳኔው ካልተስማማዎት በሌላ 30 ቀን ለይግባኝ ሰሚ ጉባኤ፣ ከዚያም ለፍርድ ቤት ይሄዳሉ።

ችግር፦ ባህር ዛፍዎ ተቆረጠ

ከደብረ ብርሃን እስከ ጫጫ ባህር ዛፍ የገበሬው ባንክ ነው፤ ሠራተኞቹ ግን የሚያዩት ሽቦ የሚነካ ቅርንጫፍ ነው። እዚህ ላይ ወሳኙ ማን ቀደመ የሚለው ነው። ዛፉ ከመስመሩ በፊት ከነበረ፣ በዕድገቱና በአካባቢው ዋጋ ተሰልቶ ካሳ ይጠየቅበታል። መስመሩ ከተዘረጋ በኋላ ከሽቦው ሥር የተተከለ ከሆነ ብዙም ተስፋ አያድርጉ። ጉቶዎቹን በዚያው ሳምንት በሽማግሌዎችና በቀበሌው ፊት ያስቆጥሩ፣ ሽቦው አብሮ እንዲታይ አድርገው ፎቶ ያንሱ። ባህር ዛፍ ያቆጠቁጣል፤ ከዓመት በኋላ «ስንት ዛፍ ነበር?» ቢባል መልስ የሚሰጥ አይገኝም።

ችግር፦ ሽቦው ረግቧል፣ ፖሉ ዘሟል

በሰሜን ሸዋ፣ በሞረትና ጅሩ ይህ የሚገርም አይደለም። ዋልካው፣ ጥቁሩ አፈር፣ በክረምት ያብጣል፣ በበጋ ይሰነጠቃል፤ ፖሉም አብሮ ይነቃነቃል። የረገቡ ሁለት ሽቦዎች በኅዳር ነፋስ ሲጋጩ የሚወርደው ብልጭታ የደረሰ ስንዴ ላይ ያርፋል።

በኤሌክትሪክ አገልግሎቱ የስልክ መስመር በ905 ይደውሉ፤ ግን በስልክ ብቻ አይተዉት። አቤቱታውን ጽፈው ያስገቡ፣ ግልባጩ ላይ ቀንና ማኅተም ያስደርጉ። በራስዎ ሽቦ መሳብ፣ ፖል መደገፍ ወይም መነቅነቅ ሕይወት ያስከፍላል። ክምርም ከመስመር ሥር አይከምሩ፤ ከተቃጠለ ጥፋቱ የእርስዎ ነው የሚል ክርክር ይመጣብዎታል።

እሳት ከተነሳስ? የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2069 ከፍተኛ ኃይል ያለው የኤሌክትሪክ መስመር የዘረጋ ሰው፣ አደጋው ሲደርስ ያለ ጥፋቱም ኃላፊ ነው ይላል። ለዝቅተኛው መስመር ግን ቸልተኝነት ማስረዳት ሊጠበቅብዎት ይችላል፤ ያ ማኅተም ያለበት ግልባጭ ዋጋው የሚታየው ያኔ ነው። ማሳው ሳይታረስ የግብርና ባለሙያ ጉዳቱን ይገምት፣ ፖሊስም ይመዝግብ። ክሱ ጉዳቱ ከደረሰ በ2 ዓመት ውስጥ ካልቀረበ በቁጥር 2143 መሠረት በይርጋ ይታገዳል። «እናጣራለን» እየተባሉ ሁለት ክረምት ማለፍ ቀላል ነው።

ችግር፦ የጎረቤት ሽቦ በጣሪያዎ ላይ ያልፋል፣ ወይም ፖሉ በርዎን ዘግቷል

ከጎረቤት ጋር ሆናችሁ ማዛወር ጠይቁ። ለራስ ምቾት ከሆነ ወጪውን የሚከፍለው ጠያቂው ነው። አደጋ ካለው ግን «አደጋ» የሚለውን ቃል ማመልከቻው ርእስ ላይ ይጻፉት፤ ያኔ ጥገና እንጂ ማዛወር አይደለም።

ችግር፦ ካሳው አነሰ

የስሌት ወረቀቱን ይጠይቁ፤ ድምሩን ብቻ አይቀበሉ። አዋጅ 1161 በቋሚነት ለሚለቀቅ የገጠር መሬት፣ ከመነሳትዎ በፊት ባሉት 3 ዓመታት ካገኙት ከፍተኛው ዓመታዊ ገቢ በ15 ተባዝቶ ይከፈል ይላል። አዋጁ በቁጥር 1336 ስለተሻሻለ የክልሉን ወቅታዊ መመሪያም ይመልከቱ። የትኛው ዓመት ዋጋ እንደተያዘ፣ ማሳው በደብተሩ ካርታ ልክ መለካቱን ያረጋግጡ። ገለባውም መቆጠሩን ይዩ፤ ሰንጋ በሚያደልብ አገር ገለባ ከገቢ ውጭ ሊሆን አይችልም። ቁጥሩ ያልተሞላ ቅጽ ላይ አይፈርሙ።