ቀጥሎ እውቅና የሚሰጠውን አገር መገመት

ጡረታ ወጥቼ ለገጣፎ ከገባሁ ወዲህ፣ ዜና አርታኢ እንደነበርኩ የሰሙ የሰፈሬ ወጣቶች ለቅሶ ድንኳን ውስጥ እንኳ «ጋሼ፣ ቀጥሎ ለፍልስጤም እውቅና የሚሰጠው ማን ነው?» ይሉኛል። ጥንቆላ አያስፈልገውም፤ ባለመስመር ደብተርና ትዕግሥት ይበቃል። (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

የመሪዎችን ንግግር ተዉት፤ ስለ ፍትሕ የማይናገር የለም። መጀመሪያ የሚጠየቀው አገሩ በገዛ ጓዳው የሚፈራው ምን እንደሆነ ነው። ኮሶቮ በ2008 ከሰርቢያ ተገንጥላ ነፃነቷን ስታውጅ ከአውሮፓ ኅብረት ስፔን፣ ቆጵሮስ፣ ግሪክ፣ ሮማኒያና ስሎቫኪያ እውቅና አንሰጥም አሉ። ስፔን የመገንጠል ጥያቄ የምታነሳው ክልሏ ካታሎኒያ አለችባት፤ ቆጵሮስ ከ1974 ጀምሮ ለሁለት ተከፍላለች። ያቺው ስፔን ግን በሜይ 2024 ከአየርላንድና ከኖርዌይ ጋር ለፍልስጤም እውቅና ሰጠች። እንደ እኔ፣ የፍልስጤሟ ራማላ ለካታሎኒያዋ ባርሴሎና ምሳሌ ስለማትሆን ነው። የእኛም አህጉር መሪዎች በ1964 ካይሮ ላይ ከቅኝ ገዢዎች የተረከቡትን ድንበር ሊያከብሩ ተስማምተዋል፤ የመገንጠል ጥያቄ ሲነሳ ዝም ቢሉ አይግረማችሁ።

ከዚያ የተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ የድምፅ ዝርዝር ይመጣል። አንድ ድምፅ ለብቻው ብዙ አይናገርም፤ የሚናገረው ሽግሽጉ ነው። እኔ በየአገሩ ስም ትይዩ የ2012ንና የ2024ን ድምፅ ጎን ለጎን እጽፋለሁ። ፍልስጤም የታዛቢ አገርነት ደረጃ እንድታገኝ በ2012 ድምፅ ሲሰጥ ካናዳ ተቃወመች፤ በሜይ 2024 መብቷን የሚያሰፋው ውሳኔ ሲቀርብ ድምፀ ተዓቅቦ አደረገች። አውስትራሊያ ደግሞ ከተዓቅቦ ወደ ድጋፍ ተሻገረች። ሁለቱም በሴፕቴምበር 2025 እውቅና ሰጡ።

ብሪታንያ ሁለቱንም ጊዜ ተዓቅቦ አድርጋ በዚያው ወር እውቅና ሰጥታለች። ለእንዲህ ዓይነቷ ሌላ ዓምድ ክፈቱ፤ ወዳጆቿ ምን እያሉ ነው? ማክሮን በጁላይ 2025 የፈረንሳይን ሐሳብ ይፋ ባደረጉ በቀናት ውስጥ ለንደንና ኦታዋም ተከተሉ። ብቻውን ቀድሞ መታየት የሚወድ መንግሥት ጥቂት ነው። ቀኑን ለመገመት ሴፕቴምበርን ጠብቁ፤ መሪዎች ኒው ዮርክ የሚሰበሰቡት ያኔ ነው።

ትንንሾቹን የፓሲፊክ ደሴቶች ግን በዚህ ደብተር አትመዝኗቸው። ናኡሩ በ2009 ከጆርጂያ ለተገነጠለችው አብካዚያ እውቅና ሰጠች፤ በ2024 ደግሞ ታይዋንን ትታ ወደ ቤጂንግ ዞረች። እዚያ የድምፅ ዝርዝር ከማገላበጥ ይልቅ ማን ገንዘብ ይዞ እንደመጣ ማጣራት ይቀላል።