ቁጣዬን የያዝኩት በሂሳብ ደብተር ነው

አባቴ ሲያርፉ ቢቸና አጠገብ ያለው መሬትና የጤፍ መጋዘኑ ለእኔ ወረደ። ከዚያ ወዲህ የቁጣዬ ምልክት አንድ ነበር፤ አንድ ሰው «አባትህ እንዲህ አያደርጉም ነበር» ሲለኝ ጆሮዬ ይግላል፣ እጄ ይንቀጠቀጣል፣ ዱላዬን አነሳለሁ። በአንድ አጨዳ ሦስት ሠራተኞች ጥለውኝ ሄዱ።

መጀመሪያ እስከ አሥር መቁጠር ሞከርኩ፤ ስድስት ላይ ስደርስ እጮሃለሁ። ቀጥሎ ለንስሐ አባቴ ቃል ገባሁ፤ ቃሉ ሳምንት ቆየና በቁጣው ላይ ጸጸት ተጨመረበት። ቡናም ተውኩ፤ ያተረፍኩት ራስ ምታት ብቻ ነው።

የረዳኝ የመጋዘኑ ደብተር ነው። በተቆጣሁ ቁጥር ከጀርባው ቀኑን፣ ሰዓቱንና የተባልኩትን ጻፍኩ። በሁዳዴ አጋማሽ ገልጬ ሳየው ከ11 ጠብ 9ኙ ከቀኑ ሰባትና ዘጠኝ ሰዓት መካከል፣ እህል ሳልቀምስ ሂሳብ ስንተሳሰብ የተነሱ ናቸው። ለእናቴ ስነግራቸው ሳቁብኝ፤ ቀድሞም ያውቁ ነበር መሰለኝ።

ሂሳቡን ወደ ጠዋት ሁለት ሰዓት አዛወርኩት። ለተረፈው ደግሞ፣ ጆሮዬ መጋል ሲጀምር፣ እጄ ሳይንቀጠቀጥ፣ ዱላዬን በሩ ላይ አስደግፌ «አያ፣ እመለሳለሁ» ብዬ እወጣለሁ። እስከ ውኃ ጉድጓዱ ድረስ ትንፋሼን ከማስገባው ይልቅ የማስወጣውን አስረዝማለሁ፤ ይህ የልብ ምትን ያዘገያል። «እመለሳለሁ» የምትለዋን አትዝለሏት። ዝም ብዬ የወጣሁ ቀን እንደ ንቀት ተቆጥሮብኝ ነገሩ ባሰ።

ከሦስቱ ሠራተኞች ሁለቱ ተመልሰዋል። ሦስተኛው ገና እንዳኮረፈ ነው።